ግራ እጄ እና የግራ ክንፉ ተጫዋች

ስለ ሕመሜ ለመጻፍ መጀመሪያ ስለ አንድ ስዊድናዊ የበረዶ ሆኪ ተጫዋች መጻፍ አለብኝ። እሱ ባይኖር ይህን ጽሑፍ የሚጽፈው ሌላ ሰው ይሆን ነበር፤ ምናልባትም ልጄ ትሆን ነበር፤ በሌላ ርዕስ።

ስለ ራሴ ማውራት አልወድም። የማኅበራችን ሴቶች «ቁጭ በይና ንገሪን» እያሉ ሲያስቸግሩኝ በሰበብ ሳልፋቸው ቆየሁ። ከእኛው መካከል አንዷ ደረጃ ላይ ወድቃ ራሷን መትታ፣ ለማንም ሳትናገር መክረሟን ከሰማሁ በኋላ ግን ዝም ማለት ከበደኝ። ስለዚህ እጽፋለሁ። ሐኪም አይደለሁም። ደሴ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ፣ በሱዳን በኩል ወጥቼ፣ ኦስሎ ውስጥ ዕድሜዬን በጽዳት ሥራ የጨረስኩ ሴት ነኝ። የምጽፈው የደረሰብኝን ብቻ ነው።

ጡረታ ከመውጣቴ በፊት የመጨረሻዎቹን ዓመታት የሠራሁት የበረዶ ሆኪ በሚጫወቱበት አዳራሽ ውስጥ ነው። ጨዋታውን አላውቀውም ነበር። የማውቀው የልብስ መቀየሪያ ክፍሉን ነው። እርጥብ ቆዳ ይሸታል። ተጫዋቾቹ ዱላቸው ላይ የሚጠመጥሙትን ፕላስተር እየላጡ፣ እያድበለበሉ ወለሉ ላይ ይጥላሉ። ከሥሩ ስለት ባለው ጫማቸው እኔ የወለወልኩትን ይረግጣሉ። አንድ ቀን መወልወያዬን በሩ ላይ አጋድሜ «ጫማውን ያላወለቀ አይገባም» አልኩ። እነዚያ ሁሉ ግዙፍ ወንዶች ኮሪደሩ ላይ ተደርድረው ጫማቸውን ፈቱ። ከመካከላቸው አንዱ፣ የፊት ጥርሱ የጎደለው፣ «እሺ ካፒቴን» አለኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስሜ ካፒቴን ሆነ። «ዘነበች» ብሎ መጥራቱ አይሆንላቸውም።

ጥርሱ የጎደለው ሰው ስም ዮናስ ነው። ስዊድናዊ ነው። ወደ ኦስሎ የመጣው ሠላሳውን አልፎ፣ የተጫዋችነት ዘመኑ ወደ ማለቂያው ሲቃረብ ነበር። ከልምምድ በኋላ ሌሎቹ ሲሄዱ እሱ ጉልበቱን በበረዶ ከረጢት አስሮ ይቀመጣል፤ እኔ እጠርጋለሁ፤ እሱ ያወራል። የተወለደው በሰሜን ስዊድን የእንጨት ፋብሪካ ባለባት ትንሽ ከተማ ነው። ብርዱ ሲገባ አባቱ ጓሮውን በውሃ ጎማ እያጠጣ፣ ሌሊት እንዲረጋ እያደረገ ሜዳ ይሠራለት ነበር። በአሥራ ስድስት ዓመቱ ከቤት ወጥቶ፣ ትልቅ ክለብ ባለበት ከተማ አንድ ክፍል ተከራይቶ ኖረ። በሃያዎቹ መጀመሪያ በአገሩ ከፍተኛው ሊግ ውስጥ ይጫወት ነበር። አንድ ዓመት አሜሪካ ሄዶ ሞክሯል። ትልቁ ሊግ ውስጥ አልገባም፤ ከታችኛው ሊግ ቡድን ጋር በአውቶቡስ ከከተማ ወደ ከተማ ሲንከራተት ከርሞ ተመለሰ። ከዚያ ፊንላንድ፣ ከዚያ ጀርመን፣ ከዚያ ወደ እኛ።

«ክለቦቹ እያነሱ ሄዱ፤ እኔ ደግሞ እየከበድኩ ሄድኩ» ይላል፤ ይስቃል።

የሚጫወተው በግራ ክንፍ ነበር። ምን ማለት እንደሆነ ስጠይቀው የመወልወያዬን ባልዲ አስጠግቶ አስረዳኝ። «መካከለኛው ተጫዋች ሜዳ አለው፤ ክንፉ ግን ከግድግዳው ጋር ነው የሚኖረው። የምንጫወትባት ጥቁሯ ጎማ ጥግ ስትገባ ሄዶ የሚያወጣት እሱ ነው። ጀርባውን ለሜዳው ሰጥቶ ጎንበስ ሲል ደግሞ ከኋላው የሚመጣውን አያይም።»

«የሚመጣው ምንድነው?»

«መቶ ኪሎ ሰው።»

አንድ ምሽት ሌላውን ሥራዬን ቶሎ ጨርሼ ጨዋታ አየሁ። ዮናስ ጥግ ላይ ጎንበስ እንዳለ አንዱ መጥቶ ከግድግዳው ጋር አጣበቀው። ጭንቅላቱ መስታወቱን ሲመታ የተሰማው ድምፅ በር ሲዘጋ ያለ ድምፅ ነው። ወደቀ። የቡድኑ ሐኪም እየተንሸራተተ ደርሶ አንድ ነገር ጠየቀው። ዮናስ አውራ ጣቱን አነሳ። ሕዝቡ አጨበጨበ። ተመልሶ ገባ፤ እስከ መጨረሻው ተጫወተ።

ጨዋታው አልቆ ልጠርግ ስገባ ክፍሉ ውስጥ ብቻውን ተቀምጦ ነበር፤ ልብሱን አልቀየረም።

«ካፒቴን፣ መብራቱን አጥፊልኝ» አለኝ።

አጠፋሁለት። ጨለማ ውስጥ ሊጠረግ ስለማይችል ኮሪደሩን መጥረግ ጀመርኩ።

ያ የመጀመሪያው አልነበረም፤ ስንተኛው እንደሆነ እሱም አያውቀውም። በየጊዜው ሐኪሙ «እንዴት ነህ?» ሲለው «ጥሩ ነኝ» እያለ ነበር የሚመለሰው። «ጥሩ አይደለሁም ካልክ ቦታህን ሌላ ሰው ይይዘዋል» ብሎኛል በኋላ። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ በልምምድ ላይ፣ ማንም ሳይነካው፣ ሜዳው ተገለበጠበት። በዚያው ቆመ። ክለቡ አበባ ሰጠው፤ ተጨበጨበለት፤ አለቀ። ከዚያ መጋረጃ በተዘጋ ቤት ወራት ተኛ። ብርሃንና ድምፅ አይችልም ነበር። አብራው የምትኖረው ፍቅረኛው ታግሣ ታግሣ ወደ ስዊድን ተመለሰች። ክለቡ ይከፍልለት የነበረውን የግሩነርሎካ ሰፈር ቤት ለቅቆ እኔ ወደምኖርበት ሆልምሊያ፣ ከእኔ አንድ መግቢያ አልፎ፣ ትንሽ ቤት ያዘ። ሲሻለው አዳራሹ መልሶ ቀጠረው። በረዶውን የምታለሰልሰውን መኪና መንዳት ጀመረ። ዕድሜውን በሙሉ ሲሮጥበት የኖረውን ሜዳ በዝግታ ይዞረዋል፤ ጨዋታው ሲጀመር ደግሞ መብራቱ ስለሚያመው ይወጣል።

ጡረታ እስክወጣ ድረስ ምሳ አብረን እንበላ ነበር። በጾም አይብ ሲያቀርብልኝ እምቢ እያልኩት፣ ጾማችን መቼ ገብቶ መቼ እንደሚወጣ ከአንዳንድ የእኛ ልጆች ይልቅ እሱ ያውቃል።

አሁን ወደ እኔ ልመለስ።

የወደቅሁት ዐቢይ ጾም በገባ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት፣ እሑድ፣ ከቅዳሴ ስመለስ ነው። ልጄ ሰላማዊት ጫማ ላይ የሚገጠም ባለሹል ብረት ማያያዣ ገዝታልኝ ነበር፤ እዚህ አገር ሽማግሌ ሁሉ በረዶ ላይ የሚሄደው በእሱ ነው። የምንቀድስበት ቤተ ክርስቲያን የኖርዌጂያኖቹ ነው፤ ወለሉ እንጨት ነው። ብረቱ እንዳይቦጭረው በር ላይ አውልቄ ቦርሳዬ ውስጥ አስገባሁት። ስወጣ መልሼ ማጥለቅ ረሳሁ። ሆልምሊያ ከባቡር ወርጄ ቁልቁለቱን ስጀምር፣ ከአዲሱ በረዶ ሥር ያለው ግግር አንሸራተተኝ። የጭንቅላቴ ቀኝ ጎን የመንገዱን የብረት መደገፊያ መታ። ደም የለም። ባርኔጣና ነጠላ ነበረብኝ። ሁለት ወጣቶች ሮጠው መጥተው አነሱኝ፤ ደህና መሆኔን ጠየቁኝ።

«ያ፣ ያ፣ ደህና ነኝ» አልኩ በእነሱ ቋንቋ። ነጠላዬን አራግፌ ቤቴ ገባሁ።

ለሰላማዊት አልነገርኳትም። ብረቱ ቦርሳዬ ውስጥ እንደነበረ ብትሰማ ምን እንደምትል አውቀዋለሁ። ደግሞም ደህና ነበርኩ። ሁለት ቀን ጎኔን አመመኝ፤ ተወኝ። እኔም ረሳሁት።

ከሦስት ሳምንት ገደማ በኋላ ራስ ምታት ጀመረኝ። ጠዋት ጠዋት ይብሳል። ጾም ነው አልኩ። እስከ ቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ድረስ እህል ውሃ ያልቀመሰ ሰው ራሱን ቢያመው ምን ይገርማል? ማኅበርተኞቼም «ጾሙ ነው» አሉኝ፤ እነሱንም ያማቸዋል። ቀጥሎ እንቅልፍ መጣ። ተቀምጬ እተኛለሁ። ቀጥሎ የግራ እግሬ ነጠላ ጫማ መንገድ ላይ መቅረት ጀመረ፤ ሁለት እርምጃ ሄጄ ነው ባዶ እግሬን መሆኔን የማውቀው። ከግራ እጄ ዕቃ ይወድቃል። ቃላት ይጠፉኛል። መጀመሪያ የጠፋኝ ኖርዌጂያንኛው ነው፤ ቀጥሎ የራሴው ቋንቋ።

እዚህ አገር እያንዳንዱ ሰው የሚመደብለት ቋሚ ሐኪም አለ። የእኔው ጥሩ ሰው ነው፤ ይቸኩላል ግን ጥሩ ሰው ነው። ስገባ ቆሞ ይጨብጠኛል። «እንዴት ነሽ?» ይለኛል። «ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን» እለዋለሁ። እንደዚያ ነው ያደግነው። ሞት አፋፍ ላይ ያለ ሰው እንኳ ሲጠየቅ መጀመሪያ ያመሰግናል። ሐኪሙ ግን የሰማውን ነው የሚጽፈው። ደም ግፊቴን ለካ፤ ደም አስቀዳ፤ ለልቤ የምወስደውን ደም የሚያቀጥን ክኒን እንድቀጥል ነገረኝ፤ ለኛ ሰው ሁሉ የሚታዘዘውን የቫይታሚን ዲ ክኒን አዘዘልኝ፤ ውሃ እንድጠጣ ነገረኝ።

«እማዬ፣ ውሃ ጠጪ ተብለሻል እኮ» አለችኝ ሰላማዊት።

«ሰዓቱ አልደረሰም።»

«በዚህ ዕድሜሽ ቄሱን ብትጠይቂያቸው ራሳቸው ተዪው ይሉሻል።»

«አልጠየቅኋቸውም።»

«እንደሚሉሽ ስለምታውቂ ነዋ የማትጠይቂያቸው!»

ሌላ ቀን ሲብስብኝ ሌገቫክት ወሰደችኝ። ሌገቫክት ድንገተኛ ሕመምተኛ የሚታይበት ነው። ከሰዓት በኋላ ገብተን እስኪመሽ ጠበቅን። መጠበቂያው ክፍል ውስጥ እጁ የተሰበረ፣ የሚያስታውክ፣ ሕፃን የታቀፈች እናት ነበሩ። ከእነሱ ፊት የእኔ ሕመም ምንም መሰለኝ፤ «እንሂድ» እያልኩ ሰላማዊትን አስቸገርኳት። በመጨረሻ አንዲት ወጣት ሐኪም አንገቴን ነካክታ ጡንቻ ነው አለች፤ የሕመም ማስታገሻ ሰጠችን።

ፋሲካ አለፈ። ጾሙ ተፈታ፤ ራሴ አልተፈታም። ሦስተኛው ጉዞ ወደ ቋሚ ሐኪሜ ነበር፤ አሁን ስለ ማስታወስ ችሎታዬ። ቀጠሮውን ያስያዘችው ሰላማዊት ናት፤ ሻይ ላይ ጨው ጨምሬ ሰጥቻት ነበር። ሐኪሙ ባዶ ወረቀት ሰጠኝ። ክብ ሰዓት ሣዪ፤ አሥራ አንድ ሰዓት ከአሥር አድርጊው አለኝ። ሣልኩ። ሰዓት ቆጣሪውን አምስት ላይ፣ ደቂቃ ቆጣሪውን ሁለት ላይ አደረግሁ። በእኛ አቆጣጠር ረፋድ አምስት ሰዓት ከአሥር ማለት ነው። ሠላሳ ዓመት ሙሉ በእነሱ ሰዓት ሥራ ገብቼ ወጥቻለሁ፤ አንድም ቀን ተሳስቼ አላውቅም። ያን ቀን ግን አእምሮዬ ደክሞት ደሴ ገባ። ቁጥሮቹንም ሁሉ ወደ ቀኝ አጨናንቄያቸው፣ የክቡን ግራ ጎን ባዶ ትቼው ነበር። እኔ ግን ትክክል የሣልኩ ነበር የመሰለኝ።

ሐኪሙ ወረቀቱን ትንሽ አየው። ሰላማዊትን «ወድቃ ታውቃለች?» ብሎ ጠየቃት።

«ናይ፣ አልወደቀችም» አለች ልጄ። የምታውቀውን ነው የተናገረችው።

እኔ አጠገቧ ተቀምጬ ነበር። ጥያቄውን ሰምቼዋለሁ። መውደቄ ትዝ ብሎኝ እንደሆነና እንዳልሆነ ዛሬም መናገር አልችልም።

የመርሳት በሽታ ሊሆን ይችላል ተባለ። ወደ ልዩ ክሊኒክ ተላክሁ፤ ቀጠሮው ለመጸው ነው። እስከዚያ ኮሙኑ፣ ማለትም ማዘጋጃ ቤቱ፣ ምድጃዬ ላይ ራሱን የሚያጠፋ መሣሪያ አስገጠመ። ሽሮ አንተክትኬ ሳልጨርስ እሳቱ ይጠፋብኛል። ሰላማዊትና ባልዋ መጥተው ሳሎኔ ውስጥ ተቀመጡ። ቤቱን ከበጋው በኋላ እንድለቅና እነሱ ዘንድ እንድገባ መወሰናቸውን በጥንቃቄ፣ እየተቀባበሉ ነገሩኝ። ልጄ አላለቀሰችም። እኔም አላለቀስኩም። ሲሄዱ በሩን ከውጭ ቆልፋ ትርፍ ቁልፎቼን ይዛ ሄደች። ያን ቤት ያገኘሁት ሌሎች የሚያርፉበትንና የሚዝናኑበትን ዓመታት ወለል ስወለውል አሳልፌ ነው። ማታ ስተኛ የምፈራው ሞትን አልነበረም። ጠዋት ስነሣ በማን ቤት እንዳለሁ እንዳላውቅ ነበር የምፈራው።

በዚያው ሳምንት ዱግናድ ነበር። ዱግናድ ማለት የአንድ ግቢ ነዋሪዎች ወጥተው ግቢያቸውን በጋራ የሚያጸዱበት ቀን ነው፤ አለመውጣት ያሳፍራል። በክረምት መንገድ ላይ የተበተነውን ጠጠር እንጠርጋለን፤ በኋላ ቫፍል የሚሉት ጣፋጭ ቂጣና ቡና ይቀርባል። መጥረጊያ ያዝኩ። ጠጠሩን ወደ ፊት እገፋለሁ፤ እኔ ግን ወደ ግራ እሄዳለሁ። አግዳሚ ወንበር መታኝ። መጥረጊያውን አንሥቼ ስቀጥል ዳግመኛ መታኝ። ከዚያ አስቀምጠውኝ ቫፍልና ቡና ሰጡኝ። ቡናው ከግራ እጄ ተንሸራቶ ጫማዬ ላይ ፈሰሰ።

ዮናስ መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ። ሁልጊዜ የሚያደርገውን ጥቁር መነጽር አድርጓል። ለካ ከመጀመሪያው ጀምሮ ሲያየኝ ነበር።

«ካፒቴን፣ ራስሽን መትተሻል?»

«ናይ።»

«ያምሻል?»

«ጾም ነው።»

እጄ ላይ ያለውን ቫፍል አየው። «እንቁላል አለው፤ ወተት አለው። ጾሙ ወጥቷል፤ አይደለም እንዴ?»

ቫፍሉን አየሁት። ነክሼዋለሁ።

«ከመቼ ጀምሮ ነው ወደ ግራ የምትጋጪው?»

«አርጅቻለሁ። እየረሳሁ ነው ብለውኛል። መጸው ላይ ቀጠሮ አለኝ።»

«እሺ። የረሳሽውን ልጠይቅሽ፤ በዚህ ክረምት በረዶ ላይ ወድቀሻል?»

ዓይኔን ወደ መንገዱ መለስኩ። ሳይቸኩል ጠበቀኝ። ጎረቤቶቻችን እየሳቁ ጠጠር በጋሪ ይገፋሉ። ቁልቁለቱ ከተቀመጥንበት ይታያል፤ የመደገፊያው ብረትም ይታያል። ያን ብረት ሳየው ጭንቅላቴ ውስጥ በር ሲዘጋ ያለ ያ ድምፅ ተሰማኝ።

«እዚያ» አልኩት። «ብረቱ ላይ። ጾም እንደገባ።»

«ለማን ነገርሽ?»

«ለማንም። ደህና ነበርኩ።»

መነጽሩን አወለቀ። ዓይኖቹ ብርሃን ላይ እንባ ያቅራሉ። «እኔም ደህና ነበርኩ» አለ። «ስንት ዓመት ደህና እንደነበርኩ ታውቂያለሽ። ተነሺ።»

ታክሲ ውስጥ ሆኖ ለሰላማዊት ደወለ። ድምፅዋ ከስልኩ ወጥቶ ይሰማኛል። «ወድቃለች? እናቴ? መቼ?» ትላለች። እሱ «አሁን አትጮሂባት፤ በኋላ ትጮሂባታለሽ፤ እኔም እጨምርልሻለሁ» አላት።

የሌገቫክት መጠበቂያ ክፍሉ እንደተለመደው ሞልቷል። ቁጥር ይዘን ተቀመጥን። ዮናስ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ።

«አሁን እንለማመድ። እኔ ነርሷ ነኝ። እንዴት ነሽ?»

«ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን።»

«ስህተት። እንደገና። እንዴት ነሽ?»

«ደህና።»

«ካፒቴን፣ ደህና ያልሽ እንደሆነ ቫይታሚን ሰጥታ ትሰድሻለች። እንደገና።»

«ሰው እግዚአብሔርን ሳያመሰግን እንዴት ይጀምራል?»

ትንሽ አሰበ። «እሺ፣ አመስግኚ። ከዚያ ግን አትቁሚ። ቀጥዪ።»

ሰላማዊት ስትገባ ዓይኗ ቀልቷል። ከሥራዋ፣ ሕፃናት ከምትጠብቅበት፣ ሮጣ ነው የመጣችው፤ ሸሚዝዋ ላይ የልጆች ቀለም አለ። «እማዬ፣ ለምንድነው ያልነገርሽኝ?» አለችኝ። «ወድቃ ታውቃለች ሲለኝ አልወደቀችም አልኩት እኮ! በገዛ አፌ!» ግራ እጄን ያዘችው። መያዟን ያወቅሁት በዓይኔ ነው።

ቁጥራችን ተጠራ። ነርሷ ወጣት ናት፤ ደክሟታል። «እንዴት ነሽ?» አለችኝ።

ሁለቱም ያዩኛል። ልጄ ልትመልስልኝ አፏን ስትከፍት ዮናስ ክንዷን ነካት። ጥያቄው የእኔ ነበር።

«እግዚአብሔር ይመስገን» አልኩ። ቆምኩ። ከዚያ ቀጠልኩ። «ወድቄያለሁ። በክረምት። ጭንቅላቴን ብረት መትቶኛል፤ እዚህ ጋ። ለልቤ ደም የሚያቀጥን ክኒን እወስዳለሁ። ራሴን ያመኛል። ግራ እጄ የእኔ አይደለም።»

ነርሷ እስክሪብቶዋን አስቀምጣ ቀና ብላ አየችኝ። ከዚያ በኋላ ማንም አላስጠበቀኝም።

የጭንቅላቴን ምስል አነሡ። በምስሉ ላይ በአጥንቱና በአንጎሌ መካከል፣ በቀኝ በኩል፣ ሰፊ ጥላ ተኝቷል። ሐኪሙ እንዳስረዳን ደም ነው። ስወድቅ አንዲት ቀጭን የደም ሥር ተበጥሳ፣ በጥቂት በጥቂቱ፣ ለሳምንታት ስትደማ ቆይታለች። የአረጋዊ ሰው አንጎል ትንሽ ስለሚጨማደድ ደሙ ቦታ ያገኛል፤ ቦታው ሲሞላ አንጎሉን ይገፋል። በተለይ ደም የሚያቀጥን መድኃኒት የሚወስድ ሰው ላይ ይበረታል። የቀኙ አንጎል የግራውን አካል ስለሚያዝ እጄና እግሬ የሰነፉት ለዚያ ነው። «ቢቆይስ?» አለች ሰላማዊት። ሐኪሙ ራሱን ወዘወዘ።

በማግስቱ ጠዋት አጥንቴን ሁለት ቦታ በስተው ደሙን አወጡት። ያረጀ ደም ነው፤ ጥቁር ነው አሉኝ። ቀጭን ቱቦ ለአንድ ቀን ያህል ቀርቶብኝ ነበር። የጸጉሬን ግማሽ ላጭተውታል። በሕመሙ ያላፈርኩ በዚያ አፈርኩ። አልጋዬን የምታነጥፈው የእኛ አገር ልጅ፣ የሆሳዕና ልጅ ናት። ምንም ሳልናገር የአልጋ አንሶላ አምጥታ፣ በቁመቱ አጥፋ፣ እንደ ነጠላ አከናንባኝ «እማማ፣ እንዲህ ይሻልዎታል» አለችኝ። እሷ ጴንጤ ናት፤ ነጠላ አታደርግም። እጥፋቱን ግን አውቃዋለች።

ሲነጋ የግራ እጄን ጣቶች አንድ በአንድ በአውራ ጣቴ ነካኋቸው። ሁሉም ነበሩ።

ማገገሙ እንደሚወራው ፈጣን አይደለም። ደሙ ተመልሶ እንዳይጠራቀም ደግመው ደጋግመው ምስል አነሡኝ። ደረጃ መውጣት ያደክመኝ ነበር። ደክሞኝ ስተኛ ልጄ መተንፈሴን ለማየት ትገባ ነበር፤ እንዳልሰማ ሆኜ እተኛለሁ። ስለ ጫማው ብረት አንድ ጊዜ ጮኸችብኝ፤ ዮናስ እንዳላት እስክድን ድረስ ቆይታ ነው። ከዚያ በኋላ አላነሣችውም።

በበጋው መጨረሻ ቋሚ ሐኪሜ ያንኑ ባዶ ወረቀት ሰጠኝ። ሰዓት ሣዪ፤ አሥራ አንድ ከአሥር።

«በማን ሰዓት?» አልኩት።

አልገባውም። አስረዳሁት፤ ሁለቱንም ሣልኩለት፤ ቁጥሮቹ ዙሪያውን ተስተካክለው ተቀመጡ። ረዥም ጊዜ ሳቀ፤ ከዚያ ሳቁን አቆመና ይቅርታ ጠየቀኝ። «እኔም ደህና ነኝ ብዬህ ነበር» አልኩት። የመጸው ቀጠሮ ተሰረዘ። የምድጃው መሣሪያ ተነሣ። ሰላማዊት ቁልፎቼን ስትመልስልኝ አንዱን ለራሷ አስቀርታለች፤ ይሁን ብያለሁ።

ለምታነቡ፣ በተለይ ለእኩዮቼ የምለው ይህን ነው። ራሳችሁን ብትመቱ፣ ደም ባይፈስም፣ ቀላል ቢመስልም፣ ለአንድ ሰው ንገሩ። ከሳምንታት በኋላ ራስ ምታት፣ እንቅልፍ፣ የእጅ ወይም የእግር መስነፍ ከመጣ ደግሞ መውደቃችሁን ለሐኪሙ ራሳችሁ ተናገሩ። ጾም ነው፣ ዕድሜ ነው ብላችሁ አትለፉት። ለልጆችም፦ እናታችሁን በእሷ ፋንታ ከመመለሳችሁ በፊት ጠይቋት፤ ዝም ካለችም ትንሽ ጠብቋት።

ዮናስ አሁንም የበረዶ መኪናዋን ይነዳል። የእኔው ደም ነበርና ተበስቶ ወጣ። የእሱ ግን ደም አይደለም፤ በምስል አይታይም፤ የሚበሳ ነገር የለውም። ዓመት ሙሉ ደህና ይሆንና አንድ ሳምንት ይጥለዋል። እሑድ እሑድ ከቅዳሴ ስመለስ፣ ብረቱን ጫማዬ ላይ አጥልቄ፣ በሩን አንኳኳለሁ። «እንዴት ነሽ?» ይለኛል፤ አመሰግንና የሚያመኝን እዘረዝርለታለሁ፤ ጉልበቴን፣ ወገቤን። በደንብ ያዳምጠኛል። «አንተስ?» ስለው ግን አውራ ጣቱን ያነሣል። ሜዳ ላይ እንደነበረው።

ባለፈው እሑድም አንኳኳሁ። ቆይቶ ከፈተ። አልተላጨም። ፀሐዩ ሳሎኑ ውስጥ ገብቶ ወለሉ ላይ ተንጣሏል፤ እሱ ጥጉ ላይ፣ ከግድግዳው ጋር ተጠግቶ ተቀመጠ።

«እንዴት ነህ?» አልኩት።

አውራ ጣቱ ሊነሣ ሲል አየሁት። ጠበቅሁ።

«ዛሬ ጥሩ አይደለሁም፣ ካፒቴን» አለ።

ሌላ አልጠየቅሁትም። ወደ መስኮቱ ሄጄ መጋረጃውን ስቤ ዘጋሁለት፤ በግራ እጄ።